ሁለተኛው ጎዳና

ስሟን ብነግራችሁ የምታውቋት ይመስላችኋልና አልነግራችሁም። አንዲት አገር ነበረች። በዚያች አገር ሰው ከሰው ሲጣላ በሰንጠረዥ ይዳኝ ነበር። ድንበር የተገፋበት፣ ውርስ የተከለከለ፣ ትዳር የፈረሰበት፣ ሁሉም ወደ ሸንጎው ዳስ ይመጣል። ገበታው ይዘረጋል፤ ከሳሽና ተከሳሽ ፊት ለፊት ተቀምጠው ይጫወታሉ። በጨዋታው ያሸነፈ በክሱም ይረታል። እኩል ከወጡ ነገሩ እንደነበረ ይቆያል፤ ቤት የነበረው በቤቱ ያድራል፣ መሬት የነበረው መሬቱን ያርሳል። እንግዳ ሰው ይህን ሲሰማ ይስቅ ነበር። የአገሩ ሰው ግን "እናንተስ አገር በምንድን ነው የምትዳኙት?" ብሎ ሲጠይቀው ሳቁን ይተዋል።

ጨዋታው ሲጀመር ገበታው ሙሉ ነው፤ ማን ምን እንዳሰበ አይታወቅም። ወደ መጨረሻው ግን ይሳሳል። ሁለት ንጉሦችና ጥቂት ጓዝ ብቻ ይቀራሉ። እዚህ ላይ የጥንት ሰዎች ቁጭ ብለው፣ ይኼ ወዲህ ቢል ያ ወዲያ ቢል እያሉ፣ የሚሆነውን ሁሉ ሞክረው ጨርሰውታል። ማን እንደሚረታ፣ ማን እንደሚተርፍ ታውቋል። ይህን የታወቀ ነገር ፍጻሜ ይሉታል። ፍጻሜ የሚያዘው በዜማ ነው፤ ስንኝ በስንኝ።

ብዛቱ ግን አይጣል ነው። የግንብና የወታደር ፍጻሜ አለ። የፈረስና የዝሆን አለ። አንድ ጭንቅላት አይችለውም። ስለዚህ እያንዳንዱ ቤት አንድ ፍጻሜ ይይዛል። የፈለገ ሰው ሄዶ ደፉ ላይ ይቀመጣል፤ ባለቤቱ ያዜምለታል። ተቀባዩ ደግሞ መልሶ ያዜማል። ይህን "መመለስ" ይሉታል። ተቀባዩ ቢስት ሰጪው ያቃናዋል። ሰጪው ራሱ ቢስት፣ ከሌላ ደፍ ሰምቶ የመጣ አላፊ ቆም ብሎ "እንዲያ አይደለም" ይለዋል። ፍጻሜ እንዲህ ከአፍ ወደ አፍ ሲዞር ኖሮ አንዲት ስንኝ አልጎደለችበትም። የተቀበለ ሰው ቤቱ ሲደርስ መዝጊያውን ወለል አድርጎ ከፍቶ ደፉ ላይ ይቀመጣል፤ እሱም በተራው ከኋላው ለሚመጣ ሊሰጥ። ወስዶ በሩን የዘጋ ሰው "ጉሮሮ" ይባላል። ጉሮሮ ከተባለ ሰው ጋር አብሮ ለመብላት የሚቀመጥ የለም።

ቢሻው የሚባል ሰው ነበር። ሸማ ሠሪ ነው፤ ዝምተኛ። የሁለት ፈረሶችን ፍጻሜ የያዘው ከምንጩ አጠገብ ካለው ከድንበሩ ቤት ነው። ድንበሩ ሳቂታ ሰው ነበር። ሚስቱ እታለም ከውስጥ እህል ስታበጥር፣ እሱ ደፉ ላይ ተቀምጦ ለመጣው ሁሉ ሲያዜም ይውላል።

የሁለት ፈረሶች ፍጻሜ ከፍጻሜዎች ሁሉ ግራ የሚያጋባ ነው። መጀመሪያው እንዲህ ይላል፦ ምንም ያልቀረለትን ንጉሥ ሁለት ፈረስ አይማርከውም፤ ወታደር የቀረለትን ግን ይማርከዋል።

ቢሻው ያን ጊዜ "ኧረ ተው፣ የተገላበጠ አይደለም ወይ?" አለ።

"አልተገላበጠም" አለ ድንበሩ። "ምንም የሌለውን ንጉሥ ጥግ ብታስይዘው መሄጃ ያጣል። መሄጃ ካጣ ጨዋታው እዚያው ቆመ፤ እኩል ወጣችሁ። ወታደር ካለው ግን ንጉሡ ባይሄድ ወታደሩ ይሄዳላ። እሱ ሲሄድ አንተ በፈረስህ ትደርስበታለህ።"

"ታዲያ ያቺው ወታደሯ ነች የምታስይዘው?"

"ያቺው ናት። አለችኝ ብሎ የሚተማመንባት።"

ቀጥሎ ያለው ስንኝ ስለ ወሰን ነው። ወታደሩ ወሰኑን አልፎ ከሆነ ፈረሶቹ አይደርሱበትም፤ ባለቤቱ ይተርፋል። ካላለፈ አበቃለት። ገበታው ላይ ከላይ እስከ ታች የሚወርዱ ጎዳናዎች አሉ። ወሰኑ በየጎዳናው ይለያያል እንጂ ቀጥ ያለ አይደለም። በዳር ባለው በመጀመሪያው ጎዳና ወሰኑ ሩቅ ነው፤ መሀል ገበታ ድረስ ይወርዳል። በሁለተኛው ጎዳና ግን ወደ ኋላ ይሸሻል፤ ወታደሩ መጀመሪያ ከቆመበት ሁለቴ እንደተራመደ አልፏል። ከዚያ ሦስተኛው ይቀጥላል።

ቢሻው ሲመልስ ሁልጊዜ ከመጀመሪያው ወደ ሦስተኛው ይሄድ ነበር። ዜማቸው ይመሳሰላል።

"ሁለተኛዋን ዘለልካት!" ይላል ድንበሩ እየሳቀ። "አንተ ሰው፣ ሸማ ስትሠራም እንዲህ እየዘለልክ ነው?"

"በል እንደገና።"

"እንደገና። ደግሞ ሁለተኛዋን እንዳትዘላት።"

አቃናው። ቢሻው ወደ ቤቱ ሄዶ መዝጊያውን ከፍቶ ተቀመጠ። ለመጣ ሁሉ ሰጠ። አልፎ አልፎ ሁለተኛዋን ሲዘል ተቀባዩ "አያ ቢሻው፣ ድንበሩ ጋ እንዲህ አልሰማሁም" ይለዋል። እሱም "እውነትህን ነው" ብሎ ይመለሳል። እንዲህ እያለ ኖረ።

ከዚያ ቤተ መንግሥቱ አንድ ሹመት ፈጠረ። የመዝጊያ ሹም ይባላል። የተሾመው አጋፋሪ ልሳነወርቅ ነበር፤ ረጅም፣ ቀጭን፣ ሲናገር ድምፁን ከፍ የማያደርግ ሰው። ቀርክሃ የመሰለ መለኪያ ይዞ ይዞራል። የተከፈተ በር ሲያገኝ የክፍተቱን ስፋት ይለካል፤ ከዚያ በሁለት ጣቱ ገፋ አድርጎ ይዘጋውና ጆሮውን ሳንቃው ላይ ይለጥፋል።

አዋጁ በሸንጎው ዳስ ተነገረ። ፍጻሜ የመንግሥት ሀብት ነው ተባለ። ብዙ አፍ የነካው ነገር ያልቃል፤ ስለዚህ ፍጻሜን ከማለቅ ለማዳን ሲባል አንዱን ፍጻሜ አንድ ቤት ብቻ ይያዝ ተባለ። የሚይዘው ሰው "ባለ ፍጻሜ" ይባላል። ካባ ይለብሳል። ዜማው እንዳያመልጥ አፉን በነጭ ሻሽ ሸፍኖ ይሄዳል፤ ሲበላ ፊቱን ወደ ግድግዳ ያዞራል፤ በእንቅልፍ ልቡ የሚያወራ ከሆነ ለብቻው ይተኛል። ከእንግዲህ ሸንጎ ላይ ጓዙ ሲሳሳ ጨዋታው ይቆማል። ባለ ፍጻሜው ይጠራና ሻሹን ዝቅ አድርጎ ማን እንደረታ ይናገራል። ሌላው ሰው ፍጻሜን ማወቅ አያስፈልገውም፤ ድካሙ ቀረለት ተባለ።

አንድ ሽማግሌ "አጋፋሪ፣ ስንሰጠው እኮ ነው የሚጠራው። ካልመለስነው ይበላሻል" አለ።

ልሳነወርቅ ዝቅ ባለ ድምፁ "የሚበላሸው ነገር ከተዘጋበት ወጥቶ አያውቅም። ካልወጣ ማን ያየዋል? ካልታየ ተበላሸ አይባልም" አለው።

ሽማግሌው ወደ ጎረቤቱ ዘወር ብሎ "ምን አለ?" ሲል ጠየቀ። ጎረቤቱም "እኔንጃ፤ ግን የተማረ ነው" አለው።

የሁለት ፈረሶችን ፍጻሜ ድንበሩም ቢሻውም ይዘውታል። ልሳነወርቅ መጀመሪያ ወደ ድንበሩ ሄደ።

"ዝጋ" አለው።

"ምኑን?"

"በሩን።"

"እኔ ከተቀበልኩት ሰውዬ ጋር ስንለያይ እንደምከፍተው ቃል ገብቻለሁ፤ እሱ ደግሞ ሞቷል። ቃሌን የሚመልስልኝ የለም" አለ ድንበሩ።

ልሳነወርቅ አልተቆጣም። መለኪያውን በብብቱ ይዞ ወደ ቢሻው መጣ። ካባውን ይዞ መጥቷል። ቀይ ጥለት ያለው፣ ከባድ፣ አንገቱ ላይ በወርቅ ክር የተጠለፈ ነው። ሸማ ሠሪ ነውና የክሩን ዋጋ ቢሻው ያውቃል። በዘመኑ ሁሉ እንዲህ ያለ ነገር ለሌላ ሰው ሠርቷል እንጂ ትከሻው ላይ አርፎ አያውቅም።

"ድንበሩስ?" አለ ቢሻው።

"ድንበሩ አልፈለገም።"

ቢሻው ካባውን በጣቶቹ ዳሰሰው። እዚያው ቆሞ ብዙ አሰበ ይባላል። ውሸት ነው፤ ብዙ አላሰበም። ተነሣና መዝጊያውን ዘጋው።

ሚስቱ ትርንጎ ምጣድ ላይ ገብስ እየቆላች ነበር። ብርሃኑ ሲጠፋባት ቀና አለች።

"ማነው የሞተ?" አለች።

"ማንም አልሞተም።"

"ታዲያ ቤቱን ምን አጨለመው?"

ሻሹን አፉ ላይ እያሰረ ነበር።

ድንበሩ "ባዶ አፍ" ተባለ። ባዶ አፍ የተባለ ሰው የሚያዜመው እንደ ዜማ አይቆጠርም፤ ከእሱ የተቀበለ ሰው ነገሩ በሸንጎ አይሰማለትም። ሰው መጀመሪያ እንደሚሰርቅ ሁሉ ዞር ዞር ብሎ እያየ ይመጣ ነበር፤ ቆይቶ ቀረ። ድንበሩ ግን ደፉን አልተወም። የሚቀበለው ሲያጣ ለምንጩ ያዜማል። ቢሻው ውኃ ሊቀዳ የሚሄደው በዚያ ነውና ሲያልፍ ይሰማዋል። ድንበሩ አንድ ቀን "አያ ቢሻው፣ ና መልስልኝ እስቲ፤ ለብቻዬ ሳዜም የሳትኩ እየመሰለኝ ነው" አለው።

ቢሻው ወደ ሻሹ አመለከተ። አልችልም ለማለት ነው። እርምጃውን ፈጠን አደረገ። ከዚያ ወዲህ ውኃ የምትቀዳው ትርንጎ ሆነች።

ድንበሩ ብዙም ሳይቆይ ሞተ። ቢሻው ለቀብሩ ሄደ፤ ካባውን ለብሶ። ሰው መንገድ ለቀቀለት። እሱ ስለ ክብሩ የለቀቁለት መስሎት ነበር።

በየሰፈሩ ሌላውም ቤት ተዘጋ። መጀመሪያ ሰው በተዘጋ በር ሲያልፍ አንገቱን ይደፋ ነበር፤ ኋላ ለመደው። መንገዱ ሁሉ ዝም አለ። አገሪቱን የሚያውቁ መንገደኞች ሰው ያለቀባት መስሏቸው ይጠይቁ ነበር።

የተዘጋ በር ሲበዛ የመዝጊያ ሹም ቢሮ መቀርቀሪያ፣ ቁልፍ፣ ትርፍ ሳንቃ በዛበት። ማከማቻ አስፈለገው። ልሳነወርቅ አገሩን ዞሮ ከሁሉ የሚስማማው በምንጩ አጠገብ ያለው የእታለም ቤት ሆኖ ታየው። እታለምን ከሰሳት። ክሱ ባሏ በሩን ክፍት እያደረገ ግድግዳውን በነፋስ ስላስመታ ቤቱ ለመንግሥት የጉዳት ካሳ አለበት የሚል ነው።

የሸንጎው ቀን ሳይደርስ እታለም ወደ ቢሻው መጣች። በሩን አንኳኳች። በዚያች አገር ከዚያ በፊት በር ማንኳኳት አይታወቅም ነበርና፣ በጡጫዋ ነው የመታችው፤ እንዴት እንደሚንኳኳ ሳታውቅ።

"አያ ቢሻው። እታለም ነኝ።"

እሱ ከውስጥ ወደ ሳንቃው ተጠጋ።

"ልሳነወርቅ ጨዋታው ላይ ፈረሶቹን አያስበላም ይላሉ። ሰዉ ሁሉ ይላል። ወደ መጨረሻው በሁለት ፈረስ ነው የሚመጣብኝ። ወታደሬን የት ላድርስ? እሱን ብቻ ንገረኝ።"

"እትዬ እታለም፣ አይቻልም" አለ ከሻሹ ሥር። ድምፁ ታፍኖ ወጣ።

"ከእኛ ደፍ አይደለም ወይ የወሰድከው?"

እጁን መቀርቀሪያው ላይ አሳረፈ፤ አልከፈተም።

"ባሌ ሲሰጥህ እኔ ጠላ አቅርቤልህ አይደለም ወይ?"

"ነበር" አለ። "ነበር። አይቻልም ግን። አዋጅ ነው።"

እሷ ከበሩ በዚያ ወገን ትንሽ ቆመች። እሱ በዚህ ወገን። የሁለቱም ትንፋሽ ይሰማል። ከዚያ ነጠላዋን ስታስተካክል ሰማ፤ ኮቴዋ ራቀ።

ትርንጎ ከኋላው ሆና "ጉሮሮ" አለች።

"ምን አልሽ?"

"ምንም። ጉሮሮዬ ደረቀ ነው ያልኩት። ውኃ ለመቅዳት በእሷ ደጅ ማለፌ ነው መቼም። ፊቴን በምን ልሸፍነው? ያንተን ሻሽ ታውሰኛለህ?"

ሸንጎው ተሰየመ። ልሳነወርቅ በአንድ ወገን፣ እታለም በሌላው ተቀመጡ። እታለም ደህና ተጫወተች። ባሏ በሕይወት ሳለ ከደፉ ወዲህ ስታበጥር ብዙ ሰምታለች። ቢሆንም ልሳነወርቅ ጓዟን አንድ በአንድ ለቀመባት። ጓዙ ሳሳ። ለእሱ ንጉሥና ሁለት ፈረስ፣ ለእሷ ንጉሥና አንዲት ወታደር ቀረ። ወታደሯ በሁለተኛው ጎዳና ላይ ናት። መጀመሪያ ከቆመችበት ሁለቴ ተራምዳለች። አንደኛው ፈረስ መጥቶ ፊቷ ቆሞባታል፤ ከእንግዲህ አትራመድም።

ዳኛው እጁን አነሣ። "ይቁም። የሁለት ፈረሶች ባለ ፍጻሜ ይጠራ።"

ቢሻው ካባውን ለብሶ ቀረበ። ሰው ሁሉ ያየዋል። እታለም አላየችውም፤ ዓይኗ ወታደሯ ላይ ነው። እሱ ገበታውን አየ። በልቡ ዜማውን ጀመረ። ለስንት ጊዜ በሻሽ ሥር ሲያጉረመርመው ኖሯል፤ የሚመልስለት ሳይኖር፣ ማንም ሳያቃናው። የመጀመሪያውን ጎዳና አለ። ወሰኑ ሩቅ ነው አለ። ዜማው ራሱ እየጎተተ ወደ ሦስተኛው ወሰደው። ሁለተኛው ከመጀመሪያው ጋር አንድ መሰለው።

ሻሹን ዝቅ አደረገ።

"ወሰኗን አላለፈችም" አለ። "ተይዛለች።"

ዳኛው መዶሻውን መታ። ልሳነወርቅ በሁለት ጣቱ የእታለምን ንጉሥ ገፋ አድርጎ ጣለው፤ በር ሲዘጋ እንደሚያደርገው።

እታለም "ይሁን" አለች። ተነሥታ ነጠላዋን አራገፈች።

ቢሻው ወደ ቤቱ ሲመለስ በምንጩ በኩል ሄደ። እንዴት በዚያ እንደሄደ አያውቅም። የልሳነወርቅ ሰዎች ከእታለም ቤት ዕቃ እያወጡ ነው፤ ማሰሮ፣ ሰፌድ፣ የድንበሩ የተቀደደ ደበሎ። መቀርቀሪያ የጫኑ አህዮች ደጅ ቆመዋል። ደፉ ባዶ ነው። መሀሉ ጎድጎድ ብሏል፣ ሰው ተቀምጦበት ተቀምጦበት።

ያንን ጉድጓድ ሲያይ የድንበሩ ሳቅ ትዝ አለው። ሁለተኛዋን ዘለልካት።

መንገዱ መሀል ቆመ። ዜማውን ከመጀመሪያው ጀመረ። ቀስ ብሎ፣ በጣቱ እየቆጠረ። አንደኛው። ሁለተኛው። ወደ ኋላ ይሸሻል፤ ሁለቴ እንደተራመደ አልፏል።

አልፋ ነበር። ወታደሯ አልፋ ነበር። እኩል ይወጡ ነበር፤ ቤቷ ቤቷ ነበር።

ካባው ትከሻው ላይ ከበደው። ወደ ሸንጎው ዳስ ሮጠ ማለት ይቻላል፤ በእሱ ዕድሜ ሩጫ ከተባለ። ልሳነወርቅ እዚያው ነበር፤ የዳሱን በር እየለካ።

"ጌታዬ፣ ተሳስቻለሁ። ሁለተኛውን ጎዳና ዘልዬዋለሁ። ሴትዮዋ አልተረታችም።"

ልሳነወርቅ ፈገግ አለ። "ባለ ፍጻሜ አይሳሳትም።"

"እኔ ተሳስቻለሁ እኮ።"

"ከተሳሳትክ ባለ ፍጻሜ አይደለህም።"

"እሺ፣ አይደለሁም።"

"ባለ ፍጻሜ ካልሆንክ ስለ ፍጻሜ የመናገር ሥልጣን የለህም። ሥልጣን ከሌለህ ተሳስቻለሁ ማለትህን ማን ይሰማዋል?" መለኪያውን ወደ ቢሻው አፍ አቀረበው፤ ስፋቱን የሚለካ ይመስል። "ሻሽህ ወርዷል። ነፋስ እንዳይመታው።"

ቢሻው አፉን ከፈተ። ዘጋው። ሻሹን ወደ ላይ ሳብ አደረገ። በሕይወቱ ካደረገው ሁሉ ኋላ ሲያስታውሰው ዓይኑን የሚያስጨፍነው ይህ ነበር፤ በሩን መዝጋቱ እንኳ አይደለም። ሻሹን ወደ ላይ መሳቡ።

ቤቱ ገብቶ ሲቀመጥ ትርንጎ ምግብ አቀረበችለት። እንደ ልማዱ ወደ ግድግዳ ዞረ። ግድግዳውን እያየ መጉረስ አቃተው።

"ወታደሯ አልፋ ነበር" አለ።

ትርንጎ የያዘችውን ጭልፋ አስቀመጠች። "ምን?"

"እኔ ነኝ ያስወጣኋት።"

እሳቱን ቆሰቆሰች። አንድ ነገር ትለዋለች ብሎ ጠበቀ፤ እንደ ወትሮዋ ብትሰድበው ይሻለው ነበር።

"ታዲያ ለግድግዳው ምን ትነግረዋለህ?" አለች በመጨረሻ። "እሱ ቤት አለው።"

ማለዳ ላይ ቢሻው መጥረቢያ ይዞ ወጣና መዝጊያውን ከመቃኑ ነቀለው። ጠንካራ ዋንዛ ነበር፤ ትርንጎ በሌላው ጫፍ ይዛ አገዘችው። ከደጅ ጣሉት። ካባውን አውልቆ ሳንቃው ላይ አኖረው። ሻሹን ከአፉ ላይ ፈታ፤ ምን እንደሚያደርገው ስላላወቀ እጁን ጠረገበት። ከዚያ ደፉ ላይ ተቀምጦ የሁለት ፈረሶችን ፍጻሜ ከፍ ባለ ድምፅ ጀመረ። ሁለተኛው ጎዳና ላይ ሲደርስ ይቆምና "ይህቺን ዘልዬ ነው የእታለምን ቤት ያስወሰድኩት" ይላል፤ ከዚያ ይቀጥላል።

ማንም አልተቀመጠም። የሚያልፉት ፊታቸውን ያዞራሉ። አንዲት ሴት ልጇን በእጇ ይዛ ስታልፍ "እማዬ፣ ሰውየው ምን ይላል?" ሲላት፣ "አትስማው፣ ጉሮሮ ነው" አለችው። ቢሻው ሰማት። ዜማውን አላቋረጠም፤ ድምፁ ግን ቀነሰ።

ልሳነወርቅ መጣ። ካባውን አራግፎ በክንዱ ላይ አኖረው። መዝጊያ የሌለውን መቃን ከዳር እስከ ዳር ለካው። እንዲህ ያለ ክፍተት በመለኪያው ላይ የለም፤ ግራ ተጋባ።

"ቤት አለህ" አለው ቀስ ብሎ። "ሚስት አለችህ። የሽመና ዕቃ አለህ። ብዙ ነገር ገና አለህ፣ ቢሻው። አስብበት።"

ቢሻው አሰበበት። ፈራ፤ መፍራቱም አሳፈረው። ዜማውን አቋረጠ።

እዚህ ላይ ነው እታለም የመጣችው። ከቤቷ ከወጣች ወዲህ በዘመድ ቤት እያደረች ነበር። በጀርባዋ ምንም አልያዘችም። ልሳነወርቅን እንዳላየ ሰው አልፋው ቢሻው ፊት ቆመች። እሱ ቀና ብሎ ሊያያት አልቻለም፤ እግሯን አየ።

"እትዬ እታለም..."

"ይቅርታህን ልወስድ አልመጣሁም" አለች። "ፍጻሜውን ነው። ድንበሩ 'ሁለተኛዋን፣ ሁለተኛዋን' እያለ ሲስቅብህ ከጓዳ እሰማ ነበር። ሁለተኛዋ ምን እንደሆነች ግን በሰፌዱ ድምፅ ለይቼ አልሰማሁም። ንገረኝ።"

ደፉ ላይ ተቀመጠች።

ቢሻው ያንን ስንኝ ለማንም ቢሰጥ ይወድ ነበር፤ ለእሷ ግን ከበደው። ቢሆንም ሰጣት። ሁለተኛው ጎዳና ላይ ወሰኑ ወደ ኋላ ይሸሻል፤ ሁለቴ እንደተራመደ አልፏል። እየሰጣት ዓይኗን አየ። ገበታውን እያሰበች ነበር፤ ወታደሯን፣ የቆመችበትን። ሁለቴ። ገባት። እጆቿን ጉልበቷ ላይ አጥፋ ወደ ምንጩ አቅጣጫ ለጥቂት ጊዜ ተመለከተች።

ከዚያ መለሰች። ከመጀመሪያው ስንኝ ጀምራ፣ ምንም ያልቀረለትን ንጉሥ ሁለት ፈረስ አይማርከውም ከሚለው፣ እስከ መጨረሻው። አንዲት አልሳተችም።

ልሳነወርቅ መለኪያውን ወደ እሷ አዞረ። "አንቺ ሴትዮ፣ የተቀበልሽውን ይዘሽ ወዴት ነው? አዋጁን ታውቂያለሽ። ይህን ብታደርጊ የሚወሰድብሽ..." አለና ቆመ። ከራሷ እስከ እግሯ አያት። የሚወሰድባትን ነገር ፈለገ። ዓይኑ ዙሪያዋን ዞረ፤ የሚያርፍበት አጣ። መለኪያው በእጁ ቀረ።

እታለም ለቢሻው ነው የተናገረችው።

"የተቀበለ በሩን ከፍቶ ይቀመጣል፤ ደንቡ እንዲያ ነው። እኔ በር የለኝም። እዚሁ ልቀመጥ።"

ቢሻው ወደ መቃኑ ተጠጋላት። ጠባብ ደፍ ነው። ትከሻቸው እንዳይነካካ ራሱን ሰበሰበ። ልሳነወርቅ ገና አልሄደም፤ አሁን የሚያየው ቢሻውን ነው፣ ቤቱንም። ያ ዓይን ምን እንደሚለው ቢሻው አሳምሮ ያውቃል።

"ጀምር" አለች እታለም። "የሳትክ እንደሆን እመልስሃለሁ።"

ጀመረ። ከመጀመሪያው ወደ ሁለተኛው ሲደርስ ምላሱ እንደ ልማዱ ሊያልፋት ፈለገ፤ አጠገቡ የተቀመጠችው ሴት እስትንፋሷን ያዘች። እሱም ቆመ፤ አንገቱን ደፋ፤ ሁለተኛዋን አለ።

እኔ የሰማሁት እስከዚህ ነው። የዘለልኩት ካለ፣ ከሌላ ደፍ የሰማ ያቃናኝ።